መብራት ሳይጠፋ

ዶታ ውስጥ ሰው መግደል ማሸነፍ አይደለም። ይሄን ዓረፍተ ነገር በአምስት ዓመት የካምፓስ ቆይታዬ ከየትኛውም የካልኩለስ ቀመር በላይ ደጋግሜዋለሁ። አብዛኛውን ጊዜ ሌሊት 8 ሰዓት ላይ፣ በጩኸት፣ ለመውደቅ አንድ ሐሙስ የቀረውን ታወር ትቶ አንድ የቆሰለ ጠላት ጫካ ለጫካ ለሚያሳድድ ወንድሜ።

ጨዋታውን ለማታውቁት ባጭሩ፦ አምስት ለአምስት ነው። ካርታው ላይ ሁለት ሰፈሮች አሉ፤ የሚያገናኟቸው ደግሞ ሦስት መንገዶች ናቸው፦ ላይ፣ መሐል፣ ታች። በየ30 ሰከንዱ ከሁለቱም ወገን ክሪፕ የምንላቸው ትንንሽ ወታደሮች ይወጡና መንገድ ላይ ይጋጠማሉ። በየመንገዱ ሦስት ሦስት ታወር አለ፣ ሁለት ደግሞ ዋናው ሕንፃ ፊት ቆመዋል፤ ለአንድ ወገን 11 መሆኑ ነው። ዋናው ሕንፃ ኤንሸንት ይባላል። እሱ ከወደቀ ጨዋታው አለቀ። አርባ ሰው ገድለህ ኤንሸንትህ ከወደቀ ተሸንፈሃል፤ አንድም ሰው ሳትገድል የእነሱን ከጣልክ አሸንፈሃል። ወርቁም፣ ሌቭሉም፣ ግድያውም ወደዚያ ሕንፃ ያደርሳሉ እንጂ በራሳቸው አይቆጠሩም።

ይሄን ሁሉም ያውቃል። የሚያደርገው ግን ጥቂት ነው። በየትም አገር እንዲሁ ነው ይላሉ፤ እኛ ጋ ግን ሳይብስ አይቀርም። ጋይንት፣ ስማዳ፣ እስቴ የተወለደ ልጅ ሠርግ ላይ ሽለላና ፉከራ እየሰማ ነው የሚያድገው። ፎካሪ ስንት ጠላት እንደጣለ ይናገራል እንጂ ስንት ሕንፃ እንዳፈረሰ ተናግሮ ዘራፍ ያለ ሰው እኔ እስካሁን አላየሁም። ገና ስንጫወትም ያው ነበር። ታኅሣሥ 29 ሜዳው ላይ ሃያም ሠላሳም ሆነን እሩሯ ወዳለችበት ሁሉም ይግተለተላል፤ ባዶውን ሜዳ ይዞ የሚጠብቅ የለም። ገና ግን ጊዜ አለው፣ ፀሐይ እስክትጠልቅ ይሮጣል። ዶታን የምንጫወተው ደግሞ መብራት እስኪጠፋ ነው።

አምስት ነበርን። ስም አልጠራም፤ ካምፓስም በስም አንጠራራም ነበር፣ በአገር እንጂ። እኔ የነፋስ መውጫ ልጅ ስለሆንኩ ላይ ጋይንት፣ ሲያጥር "ላይ"። ከአርብ ገበያ የመጣው "ታች"። የወገዳው "ስማዳ"፣ የመካነ ኢየሱሱ "እስቴ"፣ አምስተኛው ከደብረ ታቦር ስለሆነ "ታቦር"። እኔ ላይኛውን መንገድ፣ ታች ታችኛውን እንድንይዝ የተወሰነው በችሎታ አይደለም፤ ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ሌላ አማራጭ አልተሰጠንም። ይቺ ቀልድ አምስት ዓመት ሙሉ አልሰለቸቻቸውም።

የምንጫወተው የድሮውን ዶታ ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ2002 በወጣው ዋርክራፍት 3 ላይ የተሠራውን ካርታ። ከፍላሽ ወደ ፍላሽ ይገለበጣል፣ ኢንተርኔት አይጠይቅም፣ አንድ ስዊችና ጥቂት ገመድ ይበቃዋል። ዶርም ለዶርም ነው ግጥሚያው። ችግሩ መብራት ሲጠፋ ስዊቹም አብሮ ይጠፋል፤ የስማዳ ላፕቶፕ ደግሞ ባትሪ የሚባል ነገር አልነበረውም። ከጠፋ በኋላ የሚመጣው ክርክር ከጨዋታው ይረዝማል፦ "እኛ በግድያ እየመራን ነበር"፣ "እኛ ካሪያችን ሊሞላ ነበር"፣ "አምስት ደቂቃ ቢሰጡን ኖሮ"። በመጨረሻ ፎቁ ሁሉ በአንድ ሕግ ተስማማ፦ ያላለቀ ጨዋታ አሸናፊ የለውም። የእኛ ስልት የተወለደው ከዚህ ሕግ ነው።

እስኪ ስልቱን ልንገራችሁ፤ እስካሁንም ይሠራል።

መጀመሪያ ምርጫው ነው። ዶታ ውስጥ ካሪ የሚባሉ ሂሮዎች አሉ፤ መጀመሪያ ላይ ደካሞች፣ ወርቅ ሰብስበው ዕቃቸውን ሲያሟሉ ግን ማንም የማይችላቸው። ሁሉም ሰው ካሪ መሆን ይፈልጋል። እኛ ካሪ አንመርጥም ነበር፤ 40ኛው ደቂቃ ላይ የሚጠነክር ሂሮ 40ኛው ደቂቃ ላይ መብራት መኖሩን የሚያምን ሰው ምርጫ ነው። የምንፈልገው ሌቭል 6 ላይ ሕንፃ መምታት የሚችል ሂሮ ነው። ራስታ (ሻሸመኔን አታስቡ፣ ስሙ እንደዚያ ስለሆነ ነው) ጠላትን ያስራል፣ ዶሮ አድርጎ ይቀይራል፣ ከዚያ ታወር ሥር እባቦች ይተክላል፤ እባቦቹ ታወሩን ሲቀጠቅጡት እሱ ዞር ብሎ መሄድ ይችላል። ፉሪዮን ዛፍ ወታደር ያደርጋል። ፑግና ፍንዳታው ለሕንፃም አይመለስም። ዴዝ ፕሮፌት መናፍስቷን ለቃ ታወር ታስበላለች። እስቴ ደግሞ ሁልጊዜ ሜካንዝም ይገዛል፤ አንዴ ሲጫኑት በዙሪያ ያለውን ወገን ሁሉ የሚፈውስ ዕቃ ነው። የመካነ ኢየሱስ ልጅ ሜካንዝም መግዛቱ ላይ የተቀለደውን አልደግመውም፣ እሱም ያነባል።

ከዚያ ሰዓቱ ነው። እስከ 8ኛው፣ 9ኛው ደቂቃ ድረስ ሁሉም በየመንገዱ ሌቭል 6 እስኪደርስ ይታገሳል። አንድ የማይረባ ግድያ ፍለጋ መንገዱን የሚተው ካለ ይሰደባል። 10ኛው ደቂቃ ላይ አምስታችንም መሐል። ከክሪፖቹ ኋላ ሆነን እንሄዳለን እንጂ አንቀድማቸውም፤ ታወር መጀመሪያ የሚመታው ክሪፕን ስለሆነ እነሱ እየሞቱ እኛ እንመታለን። ታወሩ ሲወድቅ ለአምስታችንም ወርቅ ይገባል። ይሄን ነው ሰው የማያሰላው፤ ግድያ በአብዛኛው ለገዳዩ ነው፣ ታወር ግን ሰፖርቱንም ያበላል። አሁን ባለው ዶታ 2 ደግሞ በየ5 ደቂቃው ሕንፃ መምቻ ጋሪ ከክሪፖቹ ጋር ይወጣል፤ ያንን ጋሪ ሳይጠብቁ ታወር መግጠም በባዶ እጅ እንጨት መፍለጥ ነው። የቆሰለ ጠላት ሲሸሽ አይታደድም። ሞቶ ቢመለስ ኖሮ ሙሉ ጤና ይዞ ይመለስ ነበር፤ ቆስሎ ቤቱ ሄዶ እስኪመለስ ያለው ጊዜ ለእኛ አንድ ታወር ነው።

በጣም ከባዱ ዳገቱ ነው። የጠላት ሰፈር ከፍታ ላይ ነው ያለው፤ ከታች ሆነህ ላይ ያለውን አታይም፣ ከርቀት የሚተኩስ ሂሮ ደግሞ ከታች ወደ ላይ ሲተኩስ 25 ከመቶው ይስታል። ይሄን ለመጀመሪያ ጊዜ ሳነብ ማንም አገሬን የሚያውቅ ሰው የጻፈው መሰለኝ። ጨጨሆን በእግሩ የወጣ፣ ከጉና ሥር ቆሞ ቀና ያለ ሰው ከላይ ያለ ከታች ያለን እንደሚያሸንፍ ማንም እንዲያስረዳው አይፈልግም። ብዙ ቡድን 15 ደቂቃ ሙሉ እየመራ መጥቶ እዚህ ዳገት ላይ ነው የሚያልቀው፤ በሞቅታ አምስቱም ይወጣሉ፣ አምስቱም ይሞታሉ፣ ጨዋታው ወደ 50 ደቂቃ ይሄዳል። እኛ ከዳገቱ በፊት ሮሻንን እንገድላለን። ሮሻን ካርታው ውስጥ ያለ ትልቅ አውሬ ነው፤ ሲሞት ኤጂስ ይጥላል፣ ኤጂስ የያዘ ሰው ቢሞት እዚያው ይነሳል። ግን 5 ደቂቃ ብቻ ነው የሚቆየው። ስለዚህ ኤጂስ ተይዞ ሱቅ አይኬድም፣ ጫካ አይገባም፤ ዳገቱ ወዲያው ይወጣል።

ስድቡ ቀላል አልነበረም። "ፈሪዎች"፣ "ሕንፃ በላ"። አንዱ የማዶ ዶርም ልጅ "አይጦች" ይለን ነበር። ስድብ ሲያወጣ ሳያውቀው የጨዋታውን ታሪክ ነው የጠራው፤ በዓለም ላይም ይሄ አጨዋወት የአይጥ ዶታ ይባላል። እ.ኤ.አ. በነሐሴ 2013 ሲያትል በተደረገው ሦስተኛው ኢንተርናሽናል ፍጻሜ የስዊድኑ አላያንስ የዩክሬኑን ናቪን 3 ለ 2 ያሸነፈው በዚሁ ነው። አምስተኛው ጨዋታ ላይ ናቪዎች ሰፈራቸው ሲፈርስ ለመመለስ ቴሌፖርት ሲያደርጉ፣ ኤስ4 የሚባለው የአላያንስ ተጫዋች በፓክ ክር አስሮ መንገድ ላይ አስቀራቸው። ቡልዶግ በፉሪዮን ሕንፃ እየመታ ነበር። ከ1.4 ሚሊዮን ዶላር በላይ ወሰዱ። ቪዲዮውን በፍላሽ አምጥቼ ለዚያ ልጅ አሳየሁት፤ "ያው አይጦች ናቸው" አለ።

እኔን ግን ከአላያንስ በላይ የገረመኝ ሌላ ነው። አራተኛ ዓመት እያለሁ፣ ሚያዝያ 2011፣ ኦፕንኤአይ የሠራው ፕሮግራም የዓለም ሻምፒዮኑን ኦጂን 2 ለ 0 አሸነፈ። የሂሮ ምርጫው በ17 የተገደበ ስለነበር ሙሉ ዶታ ነው ማለት አይቻልም፤ ቢሆንም ኦጂ ኦጂ ነው። ሁለተኛው ጨዋታ 20 ደቂቃ አካባቢ ነው የፈጀው። ፕሮግራሙ በ10 ወር ውስጥ 45,000 ዓመት የሚያህል ዶታ ከራሱ ጋር ተጫውቷል፤ ከዚያ ሁሉ ዓመት በኋላ የደረሰበት አጨዋወት የእኛን ዶርም ይመስላል፦ በጊዜ መሰብሰብ፣ በጊዜ ታወር መግፋት፣ ሰው የሚሰስተውን ወርቅ ሳይሰስት ከፍሎ ከሞት መነሳት። ማንም ፉከራ አላስተማረው፣ ማንም "አይጥ" ብሎ አላሸማቀቀው።

ጽሑፋቸው ውስጥ ያየሁት አንድ ነገር ደግሞ እስካሁን ከአእምሮዬ አልወጣም። "የቡድን መንፈስ" የሚሉት ቁጥር አለ፤ ከ0 እስከ 1 ነው። 0 ሲሆን እያንዳንዱ ሂሮ ለራሱ ግድያ፣ ለራሱ ወርቅ ብቻ ነው የሚሸለመው፤ 1 ሲሆን የአምስቱም ሽልማት አንድ ላይ ተደምሮ እኩል ይካፈላል። ሥልጠናው ሲጀመር ዝቅ አድርገው ነው የሚጀምሩት፤ መጀመሪያ እያንዳንዱ እጅና እግሩን ማንቀሳቀስ ይማር፣ ከዚያ ቁጥሩ ቀስ እያለ ወደ 1 ይወጣል። ዶርም ውስጥ በስድብ ልናደርግ የምንሞክረውን እነሱ በአንድ መስመር ኮድ አደረጉት። ይሄን ለስማዳ ሳነብለት "የታች ስንት ነው?" አለኝ። ታች አልጋው ላይ ነበር። "0.3" አልኩ። ትራስ ወረወረብኝ።

ከምረቃ በኋላ ተበተንን። እኔ አዲስ አበባ ኮድ እጽፋለሁ፣ ታቦር ባሕር ዳር ቀረ፣ ሌሎቹ ወደ አገር ተመለሱ፤ ታች ባንክ ገባ፣ እስቴ ያስተምራል፣ ስማዳ የውሃ ፕሮጀክት ላይ ይሠራል። ጨዋታው ወደ ዶታ 2 ዞረ፣ ኦንላይን፣ ዱባይ ባለው ሰርቨር። ፒንጋችን ብዙ ጊዜ ከ100 በላይ ነው፤ ትለምደዋለህ፣ ትንሽ ቀድመህ ትጫናለህ። የማይለመደው አፕዴቱ ነው። በጊጋባይት የሚቆጠር ፓች በሞባይል ዳታ አይወርድም፤ ስለዚህ ታቦር ቤተሰብ ጥየቃ ደብረ ታቦር ሲወጣ በሃርድ ዲስክ ይዞት ይሄድና ለሚኒባስ ረዳት በላስቲክ ጠቅልሎ ወደ መካነ ኢየሱስ ይልከዋል። አንዱ ረዳት "ምንድነው ይሄ?" ሲለው "የትምህርት ነው" ብሎታል። ለአስተማሪ ስለሆነ ፍጹም ውሸት አይደለም።

ኦንላይን ዶታ ግን ዶርሙ ያልነበረው አንድ ሕግ አለው። ጨዋታ መሐል ተቋርጠህ 5 ደቂቃ ካልተመለስክ "አባንደን" ይጻፍብሃል፤ ትቶ የሄደ፣ ከዳተኛ እንደማለት። ከዚያ እስክትጨርሰው ድረስ ከመሰል ከዳተኞች ጋር ብቻ ቅጣት እየተጫወትክ ትቆያለህ። ሕጉ ልክ ነው፤ አራት ሰው ጥሎ የሚሄድን ሰው ሌላ ምን ታደርገዋለህ? ብቻ ሰርቨሩ የተናደደን ሰውና መብራት የጠፋበትን ሰው መለየት አይችልም። የስማዳ አዲሱ ላፕቶፕ ጨዋታ ላይ 40 ደቂቃ ያህል ይቆያል። መብራት ሲጠፋ ግን የኔትወርኩ ማማም ብዙ አይቆይም። ሦስት ጊዜ አባንደን ተጻፈበት። ስማዳ በሕይወቱ ከሥራም ከጨዋታም ሳይጨርስ የወጣ ሰው አይደለም፤ ሦስተኛዋ ጊዜ በጣም ነው የከነከነችው።

ታቦር መላ አመጣ። ዶታ 2 ውስጥ ቱርቦ የሚባል አለ፤ ወርቁና ልምዱ የሚበዛበት፣ ታወሩ የሚሳሳበት፣ ቶሎ የሚያልቅ ጨዋታ። ደረጃ ግን አይቆጠርበትም።

"ቱርቦ እንግባ በቃ" አለ።

"ለምን?" ስማዳ ነው።

"ለአንተ ብለን ነዋ።"

"ለእኔ ብላችሁ አትግቡ። እኔ የምገባው ሰው ሁሉ የሚገባውን ነው።"

መስመሩ ላይ ዝም ተባለ። ከዚያ እስቴ "እንግዲህ እንደ ድሮው ነዋ" አለ፤ ተመለስንበት። ራስታ፣ ፉሪዮን፣ ሜክ፣ 10ኛው ደቂቃ መሐል። በደረጃ ጨዋታ፣ ካሪ ይዘው ለ45 ደቂቃ ተዘጋጅተው በሚመጡ ሰዎች ላይ፣ ከ30 ደቂቃ በታች። ሁልጊዜ አልተሳካም። ሲሳካ ግን ሰዎቹ ገና ሁለተኛ ዕቃቸውን ሳይገዙ ሰፈራቸው ይፈርሳል፤ "ምን ዓይነት ጨዋታ ነው ይሄ" ብለው ይጽፋሉ።

ሐምሌ 2015 መጨረሻ ላይ በክልሉ የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ታወጀ፣ የሞባይል ኢንተርኔትም ተቋረጠ። ስቲም ላይ የጓደኛ ስም ሥር መጨረሻ የታየበት ቀን ይጻፋል። ከ3 ቀን በፊት። ከ19 ቀን በፊት። ከ61 ቀን በፊት። ሦስቱም እኩል ይቆጥራሉ። እኔና ታቦርም ብዙ አልተጫወትንም፤ እሱም ጋ ቢሆን ነገሩ እንደነበረ አልነበረም። ስልክ ሲገባልኝ "መንገዱ እንዴት ነው?" ስል የምር ስለ መንገዱ ነው የምጠይቀው፤ "ማማው ተነሳ?" ስልም የኔትወርኩን ነው። በ2013 ነሐሴ ጦርነቱ ነፋስ መውጫ ድረስ በመጣ ጊዜም እንዲሁ ነበር፤ እነዚህን ቃላት እናቴ ስትናገራቸው ሌላ ክብደት አላቸው። ስክሪን ላይ ሲጻፉ ለተወሰነ ጊዜ ማየት አልፈለግኩም።

አንድ ቀን እስቴ ደወለ። ስለ ጤና፣ ስለ ቤተሰብ፣ ስለ እህል ዋጋ አወራን፤ ሊዘጋ ሲል "ፓች ስንት ደረሰ?" አለ።

አሁን ኢንተርኔቱ በተገኘበት ሰዓት እንጫወታለን። ቴሌግራም ግሩፑ ላይ "መጣ" የሚል አንድ ቃል ይጻፋል፤ ያየ ሁሉ ይገባል። በቅርቡ አንድ ቅዳሜ ማታ አምስታችንም ተገናኘን፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ከረጅም ወራት በኋላ። በ20ኛው ደቂቃ የመሐሉን ሁለተኛ ታወር ጥለን፣ ሮሻንን ገድለን፣ ኤጂሱን ታች ያዘው። እስቴ ሄደ። ስሙ አጠገብ የመቋረጥ ምልክት ወጣ። ጨዋታውን ፖዝ አደረግን፤ ማዶዎቹ መልሰው አስጀመሩት፣ መብታቸው ነው።

"5 ደቂቃ" አለ ስማዳ። ሌላ ማንም ምንም አላለም። ጨዋታው ከ5 ደቂቃው በፊት ካለቀ አባንደን አይጻፍም።

አራት ሆነን ዳገቱን ወጣን። ታች ቀድሞ ገባ፣ ሞተ፣ በኤጂሱ ተነሳ፤ ሁለት ሰው ተከትሎት ሲመጣ ስማዳ አንዱን ዶሮ አደረገው፣ እባቦቹን ታወሩ ሥር ተከለ። አንድ የቆሰለ ጠላት በታች አጠገብ ሸሽቶ አለፈ። ታች አልተከተለውም። (ቁጥሩን አሻሽዬለታለሁ።) ታወሩ ወደቀ፣ ጦር ሰፈሩ ወደቀ። ታቦር ሞተ፣ ወርቁን ከፍሎ ተነሳና ቴሌፖርት አድርጎ መጣ። ሁለቱ የመጨረሻ ታወሮች። ስማዳ ሰከንድ ይቆጥራል፣ 3:50፣ 4:10። እኔ በፉሪዮን ዛፎቼን ኤንሸንቱ ላይ ለቅቄ በእጄም እመታለሁ። 4:40 አካባቢ ወደቀ።

እስቴ የደወለው በማግሥቱ ከሰዓት ነው።

"አሸነፍን ወይ?"

"አሸነፍን።"

"ተጻፈብኝ?"

"አልተጻፈብህም።"

"ሜኬ ግን አልተነካም ነበር እኮ፣ ልጫነው ስል ነው የጠፋው" አለ።